ዋልነት ጎዳና ላይ ያለው ቤት፦ ስለ ፖል ሮብሰን እናውራ

ዋልነት50፦

ሰላም ለሁላችሁ። የምኖረው ዌስት ፊላደልፊያ ነው፤ ታክሲ እነዳለሁ። የሐበሻ ምግብ ቤቶች ካሉበት አካባቢ ብዙም ሳይርቅ፣ ዋልነት ጎዳና ቁጥር 4951 ላይ አንድ ቤት አለ። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ በደጁ አልፌያለሁ፤ አንድም ቀን ዞር ብዬ አላየሁትም። ባለፈው ወር ጠና ያሉ አንዲት ጥቁር አሜሪካዊት አሳፈርኩ። እዚያ ጋ ስንደርስ «እስቲ ቀስ በልልኝ» አሉ። ቀስ አልኩ። መስኮቱን አውርደው ቤቱን ትንሽ አዩትና «ሮብሰን የመጨረሻ ዓመቶቹን እዚህ ነው የኖረው። እናቴ መድረክ ላይ አይታዋለች» አሉኝ። ሌላ ነገር አልተናገሩም።

ማታ ቤት ገብቼ ስሙን ፈለግኩ። እንቅልፍ በዓይኔ አልዞረም። ከዚያ ወዲህ ያገኘሁትን ሁሉ ሳነብ፣ ፊልሞቹን ሳይ ሰነበትኩ። የሚያውቀው ካለ እንድንጨዋወት ብዬ ነው ይህን የከፈትኩት። ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።

ለማያውቀው ባጭሩ ልንገር። ሮብሰን ጥቁር አሜሪካዊ ዘፋኝና ተዋናይ ነው። በ1898 ኒው ጀርሲ፣ ፕሪንስተን ተወለደ። አባቱ በባርነት ተወልደው በ15 ዓመታቸው ከሰሜን ካሮላይና ያመለጡ፣ ኋላም የቤተ ክርስቲያን አገልጋይ የሆኑ ሰው ናቸው። እናቱ እሱ ስድስት ዓመት ሳይሞላው ቤት ውስጥ በተነሳ እሳት አረፉ። ነፃ የትምህርት ዕድል አግኝቶ ራትገርስ ሲገባ በኮሌጁ ታሪክ ሦስተኛው ጥቁር ተማሪ ነበር። የአሜሪካ ፉትቦል ቡድን ውስጥ ልግባ ሲል አፍንጫውን የሰበሩት፣ እጁን በጫማ የረገጡት የገዛ ቡድኑ ልጆች ናቸው። አልወጣም። በ1917 እና በ1918 ከአገሪቱ ምርጥ ተጫዋቾች አንዱ ተባለ። ሲመረቁ በተመራቂዎቹ ስም የተናገረውም እሱ ነው።

ከዚያ ኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ሕግ ተማረ። ኒው ዮርክ ውስጥ አንድ የጥብቅና ቢሮ ሥራ ጀመረ። ቃሉን ተቀብላ እንድትጽፍለት የጠራት ነጭ ጸሐፊ ከጥቁር ሰው አፍ ተቀብዬ አልጽፍም አለች። ያን ጊዜ ቢሮውን ጥሎ ወጣ። ጥብቅናም በዚያው ቀረ። ያቺ ሴትዮ እሺ ብላ ጽፋ ቢሆን ኖሮ ዓለም ያንን ድምፅ ላይሰማው ይችል ነበር ብዬ አስባለሁ።

የመድረክ_ልጅ፦

ወንድሜ፣ እግዜር ይስጥልኝ። ትያትር ነው የተማርኩት፤ አሁንም አዲስ አበባ የምኖረው በዚሁ ሙያ ነው። ተማሪ ሳለሁ በጸጋዬ ገብረ መድኅን ትርጉም የሼክስፒርን «ኦቴሎ» ተለማምደናል፤ ነጭ ሴት ያገባ ጥቁር የጦር አዛዥ ታሪክ ነው። እኔ ካሲዮን ነበርኩ። ያኔ መምህራችን የነገሩን የመጀመሪያው ስም ሮብሰን ነው።

ወደ መድረክ የገፋችው ሚስቱ ኢስላንዳ ናት። የኬሚስትሪ ባለሙያ ነበረች። ኋላ ሥራዋን ትታ የእሱን ውልና ጉዞ የምትመራው እሷ ሆነች። የሷን ነገር ሰው ዘሎ ስለሚያልፈው ነው ማስቀደሜ።

በ1924 ከአሜሪካዊው ጸሐፌ ተውኔት ከዩጂን ኦኒል ተውኔቶች በሁለቱ ተጫወተ። በአንደኛው ነጭ ሴት ያገባ ጥቁር ሰው ነው። ተዋናይቷ መድረክ ላይ እጁን ትስማለች። ገና ሳይከፈት ጋዜጣው ተንጫጫ፣ የማስፈራሪያ ደብዳቤ ጎረፈ። የከተማው አስተዳደር መከልከያ ሲያጣ ሕፃናት በመጀመሪያው ትዕይንት እንዳይጫወቱ ፈቃድ ነሳ። አዘጋጁ ምን አደረገ? መድረክ ወጥቶ ያንን ትዕይንት ራሱ አነበበው። ትያትሩ ቀጠለ። ይህን ያነበብኩ ቀን ልቤ ሞላ፤ ምክንያቱም መድረክ ላይ የቆመ ሰው ሁሉ እንዲህ ያለ ቀን ያውቃል።

ለንደን ደግሞ በ1929 ሳቮይ ሆቴል ምግብ ቤት አናስገባህም አሉት። በዓመቱ፣ በ1930፣ እዚያው ሆቴሉ ጎን ባለው ሳቮይ ትያትር ኦቴሎን ሆኖ ቆመ። ነጯን ሚስቱን ዴዝዴሞናን የተጫወተችው ፔጊ አሽክሮፍት ነበረች። ኋላ ራሱ እንደተናገረው፣ የመጀመሪያዎቹን ሁለት ሳምንታት ወደሷ ለመጠጋት ሰውነቱ እምቢ ይለው ነበር። አስቡት! ያን የሚያህል ግዙፍ ሰው። ልጅ ሆኖ ከነጭ ሴት ራቅ ብሎ መቆምን ሰውነቱ ተምሯል። ቃለ ተውኔቱን በቃልህ ልትይዘው ትችላለህ፤ ሰውነትህ የተማረውን ግን በአንድ ልምምድ አታራግፈውም።

አንድ ነገር ልጨምር። ከሱ በፊት ኢራ ኦልድሪጅ የሚባል ጥቁር አሜሪካዊ ተዋናይ ነበር። አገሩ መድረክ ስለነፈገው በ19ኛው ክፍለ ዘመን አውሮፓን ኦቴሎ ሆኖ ያዳረሰ ሰው ነው። ሮብሰን ለለንደኑ ኦቴሎ ሲዘጋጅ ድምፁን ያሠለጠነችው የዚህ ሰው ልጅ አማንዳ ናት። አባቷ ኦቴሎን ሲጫወት ያደርገው የነበረውን የወርቅ ጉትቻም ሰጠችው። እኔ ሙያ ሲወረስ እንዲህ ነው ብዬ አምናለሁ።

ካርዲፍ_ነኝ፦

እኔ ዌልስ ውስጥ ነርስ ነኝ። እዚህ አገር የሮብሰን ስም ሲነሳ የሽማግሌ ዓይን እንባ ያቀርራል። መጀመሪያ ስመጣ ምክንያቱ አልገባኝም ነበር። አንድ የድንጋይ ከሰል ቆፋሪ የነበሩ ታካሚዬ ናቸው የነገሩኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው። በ1929 ሥራ ያጡ የዌልስ ቆፋሪዎች በእግራቸው ለንደን ድረስ ሄደው መንገድ ላይ እየዘመሩ ይለምኑ ነበር። ሮብሰን ያኔ ትልቅ ኮከብ ነው። ድምፃቸውን ሰምቶ ከኋላቸው ገባ፣ አብሯቸው ዘመረ። ወደ አገራቸው በባቡር እንዲመለሱም ገንዘብ ሰጠ። ከዚያ በኋላ ከዌልስ ሰው ጋር ያለው ነገር አልተበጠሰም። በ1940 የወጣው «ዘ ፕራውድ ቫሊ» የዌልስ ቆፋሪዎች ታሪክ ነው። እሱም ቆፋሪ ሆኖ ከነሱ ጋር ይዘምራል፣ ከነሱ ጋር ጉድጓድ ይገባል። እስካሁን ያላያችሁት እዩት። ከፊልሞቹ ሁሉ እሱ ራሱ የሚወደው ይህን ነበር።

እኚያ ታካሚዬ ከቀዶ ጥገና በኋላ ሌሊት እንቅልፍ እምቢ ሲላቸው የሱን ዜማ በአፍንጫቸው ያንጎራጉሩ ነበር። እኔም ሳላውቀው ለምጄው ቀረሁ።

ሚሚ_ዲሲ፦

እህቴ፣ ጥሩ ነገር ነገርሽን። እኔ ግን ስለ ፊልሞቹ ትንሽ መራራውን ልናገር፤ ምክንያቱም ስወደው እንደ ሙሉ ሰው እንድወደው እፈልጋለሁ።

በ1935 «ሳንደርስ ኦቭ ዘ ሪቨር» ላይ ናይጄሪያ ውስጥ ያለ አለቃ ሆኖ ተጫወተ። የገባበት የአፍሪካን ባህል በክብር ያሳያል ብሎ ነው። በነገራችን ላይ ኋላ የኬንያ መሪ የሆኑት ጆሞ ኬንያታ በዚያ ፊልም አጃቢ ሆነው ታይተዋል። ፊልሙ ተቆራርጦ ሲወጣ ግን የእንግሊዝን ቅኝ ግዛት የሚያወድስ ሆኖ አረፈ። ሮብሰን ተቆጣ። ግን ፊልም አንዴ ከወጣ ወጣ ነው። በቆዳ ተጠቅልሎ፣ ጦር ይዞ፣ ለነጭ ገዥ የሚዘምር ሮብሰን እስከ ዛሬ አለ። እኔ እስከ መጨረሻው ማየት አልቻልኩም።

መድረክ ላይ ግን በዚያው ሰሞን ሌላ ሰው ነበር። መጋቢት 1936 ላይ ለንደን ውስጥ ሲ ኤል አር ጄምስ የጻፈውን የቱሳን ሉቨርቱርን ታሪክ ተጫወተ፤ ሄይቲን ከባርነት ያወጣውን መሪ ማለት ነው። ጄምስ ማን ነው? ጣሊያን አገራችንን በወረረ ጊዜ ለንደን ውስጥ የአቢሲኒያ አፍሪካውያን ወዳጆች ማኅበርን ይመራ የነበረው ሰው ነው። ትያትሩ ለሁለት ቀን ብቻ ታየ። ከሁለት ሳምንት በኋላ ማይጨው ሆነ። ያን ቀን አዳራሹ ውስጥ የተቀመጠ ሰው ስለ ሄይቲ ብቻ አስቦ የወጣ አይመስለኝም።

ከሆሊውድ ጋር በ1942 ተለያየ። በመጨረሻ በሠራው ፊልም ውስጥ ያሉት ጥቁር ገበሬዎች ከሰማይ በወደቀ ገንዘብ የሚደነቁ የዋሆች ሆነው ቀርበዋል። አፈረበት። ፊልሙ ሲታይ ሰው ተቃውሞ ቢወጣ አብሬ እቆማለሁ ብሎ በአደባባይ ተናገረ። ስንት ተዋናይ ነው የገዛ ሥራውን እንዲህ የሚያወግዝ?

የመድረክ_ልጅ፦

ከዚያ በዓመቱ ነው በኒው ዮርኩ የትያትር ሰፈር በብሮድዌይ ኦቴሎ የተከፈተው። ጥቅምት 19 ቀን 1943። ተንኮለኛው ኢያጎ ሆሴ ፌረር፣ ዴዝዴሞና ዩታ ሄገን፣ አዘጋጇ ማርጋሬት ዌብስተር። 296 ጊዜ ታየ። በብሮድዌይ ታሪክ ከሼክስፒር ሥራ ይህን ያህል የቆየ እስከ ዛሬ የለም። ከተማ ለከተማ ሲዞሩም ጥቁርና ነጭ ተመልካችን ለያይቶ በሚያስቀምጥ አዳራሽ አልጫወትም አለ።

ጡረተኛው፦

ልጆቼ፣ በጽሑፋችሁ ደስ ብሎኛል። ግን አንድ ነገር ሳልናገር ባልፍ ሕሊናዬ አይፈቅድልኝም። እኔ የቀይ ሽብር ትውልድ ነኝ። ጓደኞቼን ከመንገድ ላይ ለቅሜያለሁ። ስታሊንን ስላወደሰ ሰው ስሰማ ጆሮዬ ይቆማል።

ይህ ሰው ሶቪየት ኅብረትን ይወድ ነበር። እሺ፣ መጀመሪያ በሄደ ጊዜ እንደ ሙሉ ሰው ቆጠሩኝ ብሏል፤ ይገባኛል። በ1949 ሞስኮ በሄደ ጊዜ ግን ኢትሲክ ፌፈር የሚባል አይሁዳዊ ገጣሚ ወዳጁን ላገኘው እፈልጋለሁ አለ። ፌፈር ታስሮ ነበር። አጥበው፣ አልብሰው ሆቴል አመጡለት። የሮብሰን ልጅ ኋላ እንደተናገረው፣ ክፍሉ ስለሚደመጥ ገጣሚው እየሆነ ያለውን በምልክት ነው የነገረው። ሮብሰን በዚያው ሰሞን ሞስኮ መድረክ ላይ በናዚዎች ላይ የተነሱትን የዋርሶ ጌቶ አይሁዳውያን ተዋጊዎች መዝሙር በራሳቸው ቋንቋ በይዲሽ ዘመረ። ሲዘምር ስለ ፌፈርም ተናገረ ይባላል።

አገሩ ሲገባ ግን እዚያ በአይሁዳውያን ላይ የሚደርስ ምንም የለም አለ። በ1952 ፌፈር ከሌሎች አይሁዳውያን ጸሐፊዎች ጋር ተረሸነ። በዚያው ዓመት ሮብሰን የሶቪየት መንግሥት የሚሰጠው የስታሊን ሽልማት ተሸላሚ ተባለ። እኔ ይህን ምን ብዬ ልዋጠው? ያን ጊዜ ስለኛ ሞት ዝም ያሉ የውጭ አገር ታላላቅ ሰዎችን አስታውሳለሁ። ዝምታቸው ከጥይቱ እኩል ነበር የሚያመን።

ዋልነት50፦

ጋሼ፣ እግዜር ያክብርልኝ። እርስዎ ያሉትን ሳነብ ሁለት ቀን ምንም አልጻፍኩም። ትክክል ነዎት። እኔም የመጀመሪያው ጽሑፌ ላይ ይህን መዝለሌ ጥሩ አልነበረም።

የተረዳሁትን ልናገር፣ ካጠፋሁ ያርሙኝ። ሞስኮ ላይ የተናገረውን አገሩ ላይ ለመድገም የፈራው የገዛ አገሩ ጠላቶቹ እንዳይጠቀሙበት ነው ይላሉ። በዚያው 1949 ፒክስኪል የምትባል የኒው ዮርክ ከተማ አጠገብ ሊዘምር ሲል በአመለካከቱ የተነሳ ሕዝብ ተነሳበት። ነሐሴ 27 ሳይዘምር ቀረ። መስከረም 4 ተመለሰ። የሠራተኛ ማኅበር ሰዎች ዙሪያውን ከበው እያጠሩት ዘመረ። ሲወጡ አውቶቡሱ ሁሉ በድንጋይ ተወገረ፤ ከ100 በላይ ሰው ቆሰለ። ይህ ዝምታውን ያጸዳዋል አልልም። ግን በሁለት እሳት መሃል የነበረ ሰው እንደሆነ ይታየኛል።

ሕግ_ሚኒሶታ፦

የጠበቃ ነገር ነውና በፓስፖርቱ ልግባ። በ1950 መንግሥት በአመለካከቱ ሰበብ ፓስፖርቱን ነጠቀው። ለስምንት ዓመት ከአገር መውጣት አልቻለም። ውጭ አገር መዝፈን የለም፤ አገር ውስጥ ደግሞ አዳራሽ የሚያከራየው ጠፋ። ሬዲዮና ቴሌቪዥኑ ተዘጋበት። በዓመት ከ100 ሺህ ዶላር በላይ ያገኝ የነበረ ሰው ገቢው ወደ ጥቂት ሺህ ወረደ። አንድ በ1950 የወጣ የፉትቦል መጽሐፍ የ1918ን ምርጥ ቡድን በ10 ተጫዋች ብቻ አሳተመ። አስራ አንደኛው እሱ ነበር። ወደ ኮሌጅ ፉትቦል የክብር መዝገብ የገባው በ1995 ነው፤ ከሞተ ከ19 ዓመት በኋላ።

ፓስፖርት ሲነጠቅ ዝም ብሎ አልተቀመጠም። በ1952 አሜሪካና ካናዳ የሚዋሰኑበት ቦታ ላይ የጭነት መኪና ጀርባ ላይ ቆሞ ዘመረ። ካናዳውያኑ ከድንበሩ ወዲያ ማዶ ሆነው ሰሙት። በ1956 የኮንግረሱ ኮሚቴ ጠርቶ ለምን ሩሲያ አልቀረህም አለው። አባቴ ባሪያ ነበሩ፣ ይህችን አገር ለመገንባት ሕዝቤ ሞቷል፣ ስለዚህ እዚሁ እኖራለሁ፣ ከአገሬም እንደ እናንተው ድርሻ አለኝ ብሎ መለሰላቸው። ቃለ ጉባኤውን ሙሉውን አንብቤዋለሁ። ልክ ኦቴሎ ሸንጎ ፊት ቆሞ ሲናገር ነው የሚመስለው።

በ1958 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በአንድ ሠዓሊ ጉዳይ፣ መንግሥት በአመለካከት ሰበብ ፓስፖርት ሊከለክል አይችልም ብሎ 5 ለ 4 ወሰነ። የሮብሰንም በዚያው ተመለሰለት።

ካርዲፍ_ነኝ፦

ይህቺን እኔ ልጨርሳት! በ1957 ዌልስ መምጣት ስላልቻለ በስልክ ዘመረላቸው። ኒው ዮርክ ሆኖ፣ በውቅያኖስ ስር በሚያልፈው ገመድ። ፖርትኮል የባሕር ዳር ከተማ ናት፤ አዳራሹ ውስጥ ወደ 5 ሺህ ሰው ነበር። እሱ ዘመረ፣ የወንዶቹ መዘምራንም ከዚህ መለሱለት። ቅጂው አለ። ድምፁ ትንሽ ይንሾካሾካል፤ ግን ይሰማል። እኚያ ታካሚዬ አዳራሹ ውስጥ ነበሩ።

ጡረተኛው፦

የፓስፖርቱን ነገር ያለሰበብ አላነሳችሁትም መሰለኝ። በደርግ ጊዜ የመውጫ ቪዛ የሚባል ነገር ነበር። እኔ የነጻ ትምህርት ዕድል አግኝቼ አራት ዓመት ለቪዛው ደጅ ጠንቼ ቀርቶብኛል። አንድ ሰው አገሩ ስታስረው ምን እንደሚሰማው አውቃለሁ። በዚያ በኩል አዝንለታለሁ። በፌፈር በኩል ያለው ቅሬታዬ ግን እንዳለ ነው። ሁለቱም አብረው በውስጤ ይቀመጡ። ልጆች፣ ደግሞ ስልክ ላይ ዘመረ የተባለውን እንዴት እንደምሰማው ንገሩኝ።

ካርዲፍ_ነኝ፦

አባባ፣ በግል መልእክት ልኬልዎታለሁ። መጀመሪያ ላይ ያለው ንግግር ነው፣ ዝማሬው ቆየት ብሎ ይመጣል።

የመድረክ_ልጅ፦

መጨረሻውን ማንም መናገር አይወድም፤ ግን የተዋናይ ሕይወት ነውና እኔ ልንገረው። ፓስፖርቱ በእጁ እንደገባ ወጣ። በ1959 በሼክስፒር የትውልድ ከተማ በስትራትፎርድ ለሦስተኛ ጊዜ ኦቴሎ ሆነ። ዕድሜው 61 ገደማ ነው። ከብሮንካይተስ ተነስቶ ነው መድረክ የወጣው። ያን ያህል ዕድሜ ይዞ ያን ሚና መሸከም ምን ማለት እንደሆነ የተለማመደው ያውቀዋል። መጨረሻው ላይ ያለው ትዕይንት ብቻውን ሰውነትን ያዝላል።

በ1961 ሞስኮ ውስጥ ራሱን ሊያጠፋ ሞከረ። ለንደን ወስደው በተደጋጋሚ የኤሌክትሪክ ንዝረት ሕክምና ሰጡት። ከዚያ በኋላ መድረክ ላይ እንደ ድሮው አልቆመም። በ1963 አገሩ ተመለሰ። በ1965 መጨረሻ ኢስላንዳ አረፈች። ከዚያ ነው እንግዲህ ወንድማችን የሚያልፍበት ቤት የገባው፤ የእህቱ የማሪያን ቤት ነው። አስተማሪ ነበረች። አሥር ዓመት ገደማ እሷ ተንከባከበችው።

እኔን የሚያሳዝነኝ በ1973፣ 75 ዓመቱ ሲከበር፣ ካርኔጊ አዳራሽ በሰው ሞልቶ እሱ መምጣት አለመቻሉ ነው። በቴፕ የተቀዳ ድምፁን ነው የላከላቸው። ጥር 23 ቀን 1976 በ77 ዓመቱ አረፈ። ሐርለም ውስጥ ወንድሙ ለረጅም ዓመት ባገለገሉባት ቤተ ክርስቲያን ተሸኘ። ዝናብ ነበር፤ ሰዉ ግን መንገዱን ሞልቶት ነበር።

ሚሚ_ዲሲ፦

እህቱን ስለጠቀስካት ደስ አለኝ። ስለ ኮከቦች ሲወራ የሚያስታምማቸው ሰው አይወራም። እናቴን ያስታመምኩ ስለሆንኩ ነው መሰለኝ፣ ስለ ማሪያን ሳስብ ነው ያለቀስኩት።

ዋልነት50፦

ትናንት ገባሁ። ቤቱ አሁን ሙዚየም ሆኗል። ከውጭ ሲያዩት እንደ ጎረቤቶቹ ያለ ተራ ቤት ነው። ውስጡ ጠባብ ነው፤ ደረጃው ይንቋቋል። ግድግዳው ላይ ፎቶዎቹ አሉ፤ ኦቴሎ ሆኖ፣ ቆፋሪ ሆኖ፣ ፉትቦል ለብሶ። አስጎብኚዋ ከየት ነህ አለችኝ። ኢትዮጵያ አልኩ። እስቲ ተቀመጥ ብላ ሸክላ አጫወተችልኝ። ያ ድምፅ በዚያች ትንሽ ክፍል ውስጥ ሲወጣ ወንበሩ ይንቀጠቀጣል፣ እውነቴን ነው። ስልኬ ደንበኛ አለህ እያለ ይጮኻል። አጠፋሁት።

ከሁለት ሳምንት በኋላ ቅዳሜ ልመለስ ነው። አካባቢው ያላችሁ ኑ፣ በኔ መኪና እወስዳችኋለሁ። ከዚያ ሽሮ እጋብዛለሁ።

ጡረተኛው፦

እኔ ባልቲሞር ነኝ። በአውቶቡስ ሁለት ሰዓት ቢሆን ነው። የኢትሲክ ፌፈርን ነገር አስጎብኚዋን በቀጥታ ልጠይቃት እፈልጋለሁ። የት ጋ ነው የምትቀበለኝ?

ዋልነት50፦

ጋሼ፣ 30ኛው ጎዳና ባቡር ጣቢያ ፊት ለፊት እጠብቅዎታለሁ። ሰማያዊ ካምሪ ናት። ሲደርሱ ብቻ ይደውሉ።